እናቶቹ የገቡበት ጎሬ

ትርሲት ሥራዋን የምትጀምረው ፀሐይ የሸለቆውን ግድግዳ ተሻግራ ድንኳኖቹ ላይ ሳታርፍ ነበር። ፊቷን ታጥባ፣ ሻይዋን ቆማ ጠጥታ፣ መሮና ብሩሽ የያዘውን የሸራ ቦርሳ በትከሻዋ አንግታ፣ ከሰፈራቸው በላይ በቀይ ገደል ሥር ወደ ተከፈተው ጎሬ ትወጣለች። መንገዱ አጭር ቢሆንም አቀበት ነው፤ የሚፈረካከሰው ድንጋይ በጫማዋ ሥር እንደ ደረቀ ዳቦ ቅርፊት ይንኮሻኮሻል፤ ከታች ወደ ዓባይ የሚወርደው ወንዝ አይታይም፣ ድምፁ ብቻ ጭጋጉን አልፎ ይመጣል። ደጃፉ ላይ ስትደርስ ግንባሯ ላይ ያሰረችውን ባትሪ አብርታ ጎንበስ ብላ ትገባለች፤ ከዚያ እስከ ምሳ ድረስ ዓለም ማለት ብርሃኑ ያረፈበት፣ መዳፍ የሚያህል ድንጋይ ብቻ ይሆናል።

እሷም የፈለገችው ይህንኑ ነበር።

አንድ ልጇ ሶልያና ከሞተች ገና ዓመት አልሞላም። ከተወለደች ጀምሮ ደካማ የነበረው ልቧ በሰባት ዓመቷ፣ ክረምት ላይ፣ በሆስፒታል አልጋ፣ እጇ በእናቷ እጅ ውስጥ እንዳለ ቀጥ አለ። ከቀብሩ በኋላ ትርሲት ቤት መቀመጥ አቃታት። የጎረቤት ልጅ ደረጃ ላይ ሲሮጥ ብድግ ትላለች፤ ቧንቧ ሲንጠባጠብ «አቤት» ትላለች። ባሏ ጌታሁን የሒሳብ መምህር ነው፤ ሐዘኑን በሌላ መንገድ የያዘ ሰው ነበር። የልጅቷን ጫማዎች እሁድ እሁድ አውጥቶ ይወለውላል፣ መልሶ ያስቀምጣል፣ ስለ እሷ ግን ቃል አይወጣውም። አንዳቸው ሌላውን እንዳያስለቅሱ ሲጠነቀቁ በአንድ ጣሪያ ሥር መነጋገር ተዉ። ስለዚህ የምትሠራበት የቅሪተ አካል ምርምር ክፍል ኃላፊ ዶክተር ምንውየለት «በዳይኖሰር ዘመን የተቆፈረ ጎሬ አግኝተናል፤ የረጋ እጅ ያለው ሰው እፈልጋለሁ» ሲሏት፣ ትርሲት ዕለቱን ሻንጣዋን አዘጋጀች። ጌታሁን ሻንጣውን እስከ መኪናው ተሸክሞላት፣ «ብቻ ተመለሺ» አላት።

ጎሬው እንዲህ ነበር። ይህ ሸለቆ ገና ሸለቆ ሳይሆን፣ አገሩ ሁሉ ረግረጋማ የወንዝ ዳር በነበረበት ጊዜ፣ አንድ እንስሳ ዳገቱን ቦርቡሮ ማደሪያ አበጀ። ቆይቶ ጎርፍ በጭቃ ሞላው፤ ጭቃው ድንጋይ ሆነ፤ ከስንትና ስንት ሚሊዮን ዓመት በኋላ ናዳ ገደሉን ሲቆርሰው አፉ ተገለጠ። የቡድኑ ሥራ ያንን ድንጋይ የሆነ ጭቃ እየፈለፈሉ ማውጣት፣ በውስጡ ያለውን አጥንት በጆንያና በጄሶ ጠቅልሎ ማውረድ ነው። በየቀኑ ድንጋዩ ይወጣል፤ በየቀኑም ጨለማው በክንድ ያህል ይረዝማል።

አጥንቱ ብዙ ነበር፤ ግራ የሚያጋባም ነበር። ሁሉም የቅጠል በሊታ ዳይኖሰሮች ናቸው፤ ዝርያቸው ግን ይለያያል። ሁሉም ላይ የጥርስ ምልክት አለ፤ የነካሹ ግን አንዲት ጥርስ እንኳ አልተገኘችም። ዶክተር ምንውየለት የጭን አጥንቶቹን ልከው አስቆርጠው ባስመረመሩ ጊዜ ደግሞ፣ እንቁላል የምትጥል እንስሳ ብቻ በአጥንቷ ውስጥ የምታበጀው ስስ ሽፋን በሁሉም ላይ ታየ።

«ሁሉም እናቶች ናቸው» አሉ ዶክተሩ፣ መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን እያሹ። «ግልገል የለም፣ እንቁላል የለም፣ ወንድ የለም። እናቶች ብቻ።»

«የጎሬው ባለቤት አድኖ ጎትቶ አስገብቷቸው ይሆናል» አለች ትርሲት።

«ወለሉን አላየሽውም እንዴ ትርሲት? የተጎተተ ነገር የለም። ዱካው ሁሉ ወደ ውስጥ ነው። በእግራቸው ነው የገቡት።»

መጀመሪያ የመጣው ሽታው ነው። በጋው ከርሯል፣ ወንዙ እንኳ ቀጥኗል፤ ከጎሬው መጨረሻ፣ ገና ካልተፈለፈለው የድንጋይ ግድግዳ በኩል ግን የረጠበ ጭቃ ሽታ ይመጣ ጀመር፤ ዝናብ አሁን መትቶት ያባራ ዓይነት፣ ጥሬና ቀዝቃዛ፣ ከሥሩ ደግሞ ሌላ ነገር ያለበት፣ ብዙ ጊዜ ሳይከፈት እንደ ቆየ ክፍል ያለ የትንፋሽ ሽታ። ትርሲት ጓንቷን አውልቃ ግድግዳውን በመዳፏ ዳሰሰችው። ደረቅ ነበር። ጣቷ ላይ የቀረው ቀይ ትቢያ ብቻ ነው።

ቀጥሎ ድምፁ ተለወጠ። በድንጋይ የተሞላ ቦታ ሲመቱት የታፈነ ድምፅ ነው የሚሰጠው፤ እጇ ይህን ከሠላሳዎቹ ዕድሜዋ ጀምሮ ያውቀዋል። አሁን ግን መሮዋን በመዶሻ ስትመታ ድምፁ ወደ ውስጥ ይገባና፣ ከግድግዳው ወዲያ አንድ ሰፊ ነገር ውስጥ የሚንከባለል ይመስል ይዘገያል፣ ከዚያም ይመለሳል። በዚህ ጠባብ ቦታ ማሚቶ ሊኖር አይገባም ነበር። እያደር ደግሞ መመለሻው እየዘገየ ሄደ፤ አንዳንዴ መዶሻዋን አስቀምጣ ላቧን ስትጠርግ፣ የረሳችው ምት ከውስጥ በኩል ቀስ ብሎ ይመጣል፤ ልክ የሆነ አካል እስክታቆም ጠብቆ፣ አስቦበት የመለሰላት ይመስል።

የቁፋሮው ጠባቂ ኦቦ ገመቹ የሚባሉ የአካባቢው ሽማግሌ ናቸው። ፍየሎቻቸውን ከገደሉ ሥር እያሰማሩ ዕቃውን ይጠብቃሉ። አንድ ቀን ከረፋዱ ላይ ትርሲት ውስጥ ተንበርክካ ስትሠራ፣ ከኋላዋ የሰኮና ኮቴ ሰማች፤ ዞር ሳትል አንዲት ነጭ ፍየል ጎኗን ገፍታት አለፈችና ግድግዳው ፊት ቆመች። ጡቷ ወተት ቋጥሮ ተወጥሯል። ጆሮዎቿን ቀስራ ድንጋዩን ትክ ብላ እያየች አንድ ጊዜ ጮኸች። ከሆነ ቦታ፣ ቀጭን፣ የሚንቀጠቀጥ የግልገል ድምፅ መለሰላት። ትርሲት ከመንጋው መስሏት ሥራዋን ቀጠለች።

ኦቦ ገመቹ ጎንበስ ብለው ገብተው ፍየሏን በቀንዷ ጎትተው አወጧት። ከደጅ ሲያነጋግሯት ፊታቸው አመድ መስሎ ነበር።

«ልጄ፣ ያንን ድምፅ ሰማሽው?»

«ግልገሏ ናት መሰለኝ፣ ኦቦ ገመቹ።»

«የእሷን ግልገል ጅብ ከበላው ሰነበተ» አሉ። «ሌላ ግልገል ደግሞ የለኝም።»

በማግሥቱ ፍየሏ ገመዷን በጥሳ ጠፋች። ዱካዋን ተከትለው ወጡ፤ ዱካው ጎሬው ውስጥ ገባ፣ ትርሲት ትናንት በብሩሽ የጠረገችው ትቢያ ላይ ልክ እንደ ማኅተም ጥርት ብሎ ታትሞ፣ እየተራመደ ሄዶ የድንጋዩ ግድግዳ ሥር አበቃ። የሚመለስ አልነበረም። ዶክተር ምንውየለት ሌባ ተሸክሟት ወጥቶ ይሆናል አሉ፤ ይህን ሲሉ ግን ግድግዳውን አላዩትም፣ እግራቸውም ወደ ደጅ ዞሮ ነበር። ኦቦ ገመቹ መንጋቸውን እየነዱ ወጡ፤ ከዚያ ወዲያ ከገደሉ ሥር አላየቻቸውም።

ግድግዳው የተበሳው ከዚያ በኋላ ነው። መሮዋ ገባ፣ እስከ እጀታው ሄደ፣ የሚይዘው ነገር አጣ። የጡጫ ያህል ቀዳዳ ተከፈተ፤ በቀዳዳውም ለብ ያለ አየር መጥቶ ፊቷን ዳበሳት፣ ትንሽ ቆየ፣ ከዚያ መልሶ ወደ ውስጥ ተሳበ። ጎርፉ ያልሞላው ባዶ ቦታ ነበር። ባትሪዋን አስጠግታ ብትመለከት ብርሃኑ ሄዶ ሄዶ የሚያርፍበት አላገኘም። ልትጣራ፣ ለዶክተሩ ልትናገር አፏን ስትከፍት፣

«እማ?» አላት ከውስጥ።

የሶልያና ድምፅ ነበር፤ መጨረሻውን እየሳበች፣ ትንሽ ከፍ አድርጋ፣ ከእንቅልፏ ነቅታ እናቷ ክፍል ውስጥ መኖሯን እርግጠኛ ሳትሆን ስትቀር እንደምትለው። ትርሲት አልጮኸችም። እዚያው ተንበርክካ፣ ግንባሯን ድንጋዩ ላይ አስደግፋ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ከቀብሩ ቀን ወዲህ ሆዷ እስኪያማት አለቀሰች። ስትወጣ ፀሐዩ ዓይኗን አጥበረበራት። ዶክተሩ «ምን ተገኘ?» ሲሏት «ምንም» አለች።

ከዚያ በኋላ ሥራዋ ቀዳዳውን ማስፋት ሆነ። ማንም ከእሷ ጋር እንዳይገባ ሰበብ ትፈጥራለች፤ ጣሪያው አያስተማምንም ትላለች፣ አቧራው ሳንባ ይጎዳል ትላለች። ድምፁ ትንሽ ትንሽ ነገር ይላታል። «ውሃ ጠማኝ።» «ካልሲዬን አታውልቂው።» «አብረሽኝ ተኚ።» ሁሉንም ታውቀዋለች፤ ሁሉም አንድ ጊዜ በአንድ ቀን የተባለ ነው። ትርሲት ግን ዕድሜዋን ሙሉ ማስረጃ ስትመዝን የኖረች ሴት ናት፤ ሐዘኗ ይህን ልማድ አላስጣላትም። አዲስ ነገር አለመስማቷ ይከነክናት ጀመር። ስለዚህ አንድ ከሰዓት በኋላ፣ መሮዋን አስቀምጣ፣ አፏን ወደ ቀዳዳው አስጠግታ ጠየቀችው። ልጅቷና አባቷ ለልደቷ ቡችላ ሊገዙ ተመካክረው ነበር፤ ስሙን መርጠውለታል፤ ስሙን ግን ቡችላው እስኪመጣ ለእናቷ እንዳይነግሯት ተማምለዋል። ቡችላው አልመጣም። ትርሲት ስሙን ጌታሁንን ጠይቃው አታውቅም።

«ሶሊዬ፣ የቡችላሽን ስም ማን አልሽው?»

አየሩ ወደ ውስጥ ተሳበና ቆመ። በጨለማው ውስጥ አንድ ከባድ ነገር ቦታውን ሲያመቻች የሚሰማው ዓይነት፣ ጭቃ ላይ የሚንሸራተት ቆዳ ድምፅ መጣ።

«እማ?» አለ መልሶ።

በዚያ ቀን የአጥንቶቹ ምስጢር ሁሉ በአንድ ጊዜ ገባት፤ ለማንስ ትናገራለች? እንስሳው የሚያድነው በጥርሱ አልነበረም። ልጃቸው የጠፋባቸውን እናቶች በልጃቸው ድምፅ ይጠራቸዋል፣ እነሱም ይመጣሉ። ምስኪኖች፣ ተታልለው ነው የገቡት ብላ አዘነችላቸው። በማግሥቱ ግን ከቀዳዳው ሥር ያለውን የመጨረሻ ወለል በብሩሽ ስትጠርግ፣ እጇ ቆመ። እዚህ፣ ጎሬው በሚጠብበት አፋፍ ላይ፣ ዱካዎቹ ሌላ ዓይነት ነበሩ። እያንዳንዷ እናት እዚህ ደርሳ ቆማለች። ሁለቱ እግሮቿ ጎን ለጎን፣ ክብደቷ ጭቃውን ቀስ በቀስ እስኪያሰምጠው ድረስ፣ ረጅም ጊዜ ቆማለች። አንዳንዷ ወደ ኋላ ዞራ አንድ እርምጃ ሄዳለች። ከዚያ ተመልሳ፣ ሳትሮጥ፣ ገብታለች።

ትርሲት ብሩሿን አስቀመጠች። በእነዚያ የሰመጡ የእግር ዱካዎች አጠገብ ጉልበቶቿን አድርጋ ተቀመጠችና፣ ማንም አላታለላቸውም አለች በልቧ። ያውቁ ነበር።

ጌታሁን ሳይታሰብ መጣ። ዶክተር ምንውየለት ናቸው ያስጠሩት፤ «አትበላም፣ ከዚያ ጎሬ አትወጣም፣ ብቻዋን ታወራለች» ብለውት ነበር። ከመኪናው ሲወርድ ቀጥኗል፤ የሸሚዙ ኮሌታ አንገቱ ላይ ሰፍቷል። ዶክተሩ ባልና ሚስቱን ብቻቸውን ለመተው ብለው፣ የጄሶ ጭነት አደርሳለሁ በሚል ሰበብ ከሌሎቹ ጋር ወደ ፍቼ ወጡ። ሁለቱ ከድንኳኑ ጥላ ሥር ተቀመጡ። ዝንብ ብቻ ይሰማል።

«እንሂድ፣ ትርሲት» አላት። «እኔ ያለ አንቺ አልቻልኩም። ዝም ማለቴ ጥፋት ነበር።»

እጁን ያዘችው። የእጁን ሙቀት ረስታው ነበር። ለአፍታ እውነትም ልትሄድ አሰበች፤ ቤቱን፣ ደረጃውን፣ ከእሱ ጋር ቁጭ ብሎ ማልቀሱን በዓይነ ልቦናዋ አየችው፤ ይቻል ይሆናል አለች።

«ጌታሁን፣ የዚያን ቡችላ ስም ምን ብላችሁት ነበር?»

ቀና ብሎ አያት። ከዚያ ፊቱ ተሰባበረና፣ እያለቀሰ ሳቀ።

«ጎመን። ጎመን አልወድም አይደል የምትልሽ? ‹እማ ጎመን ብዪ ስትለኝ፣ ውሻዬን እንዴት ልብላው እላታለሁ› ብላ... በሳቅ ልትሞት ነበር።»

አብረው ሳቁ፣ አብረው አለቀሱ። ከቀብሩ ወዲህ የመጀመሪያቸው ነበር። ስትነሳ ግንባሩን ሳመችው።

«መሣሪያዎቼን ላምጣ። ከዚያ እንሄዳለን።»

ይህን ስትለው እየዋሸች አልነበረም። እሱም አብሯት አቀበቱን ወጣና፣ ጠባብ ቦታ ትንፋሹን ስለሚያሳጥረው ደጃፉ ላይ፣ ፀሐይ ላይ፣ ድንጋይ ላይ ተቀመጠ። እሷ ገባች። ቦርሳዋን ያዘች፣ መሮዎቹን አንድ በአንድ ከተተች፣ ብሩሾቹን ጠቀለለች። ቀዳዳው አሁን ትከሻዋን ያሳልፋል። ጀርባዋን ሰጥታው ልትወጣ ስትል፣

«እማ» አለ። «ጎመን መጣ።»

ቆመች። እንግዲህ ቃሉን ከእሷው ልብ ነው የሚወስደው፤ አሁን ስላወቀች ነው ያወቀው፤ ከድምፁ በስተጀርባ ልጅ የለችም፣ ነፍስም የለችም፣ የተራበ ነገር ብቻ ነው ያለው። ይህን ሁሉ እንደ ሒሳብ ጥርት አድርጋ አሰበችው። ግን ሶልያና ይህን ዓረፍተ ነገር ተናግራው አታውቅም። ልትናገረው የሚገባት ነበር፤ በልደቷ ቀን፣ በር ከፍታ፣ ቡችላውን በብብቷ ይዛ፣ እየጮኸች። ትርሲት እግሮቿን ወደ ታች አየች። ጎን ለጎን ቆመዋል፣ ከእነዚያ ዱካዎች አጠገብ። አንድ እርምጃ ወደ ደጅ ሄደች። ባሏ ፀሐይ ላይ ጉሮሮውን ሲጠራርግ ሰማችው።

ከዚያ ተመለሰች። የሚናገረውን ነገር እንዳታየው ባትሪዋን አጠፋች፤ ትከሻዋን አጥብባ ገባች።

ውስጡ ሞቃትና ሰፊ ነበር። ወለሉ ጭቃ ነው፣ እርጥብ ጭቃ፣ ከመዳፏ ሥር የሚለመጥ። አንድ ቦታ ላይ እጇ ጸጉር ነካ፣ ነጭ ይሁን ጥቁር ጨለማው አይነግርም፣ ከጸጉሩ ሥር ግን ምንም ሥጋ አልነበረም። ወደ ድምፁ ተሳበች። ደርሳ በጎኗ ተጋደመች፤ ልጇን ስታስተኛት እንደምታደርገው ጉልበቷን አጥፋ ክንዷን ዘረጋች። አንድ ትልቅ ነገር፣ ቅርፊታም፣ በቀስታ ክንዷ ላይ አረፈ።

«አንድ ጊዜ ብቻ» አለች ትርሲት። «አንድ ጊዜ ብቻ ጥሪኝ።»

«እማ» አላት፣ በጣም ከቅርብ። በልቧ ውስጥ የቆየው ያ ሁሉ ነገር ረገበ፤ ለእሷ ከዚህ በኋላ የሚመጣው ምንም አልነበረም፣ ፈርታም አልነበረም።

ከጆሮዋ አጠገብ ትንፋሽ ረጅም ሆኖ ተሳበ፤ እሷ ከንፈሯን ሳትከፍት፣ የራሷ ድምፅ፣ ሳቅና እንባ የተቀላቀለበት፣ ባሏ አሁን ድንኳኑ ሥር የሰማው ያው ድምፅ፣ «ጌታሁን፣ ና፣ አገኘኋት» ሲል ሰማች። ልትጮህ አፏን ከፈተች፤ የቀራት ድምፅ አልነበረም።

ከወዲያ፣ ከብርሃኑ በኩል፣ ድንጋዩ ላይ ለረጅም ጊዜ ዝም ብሎ የቆየው ባሏ፣ በለሆሳስ፣ «መጣሁ» አለ።